ቦርሳው ከእሷ፣ ፊርማው ከእሱ



ስለ ፊሊፒንስ ሴቶች የሚያወራ ሰው ሁሉ ከምንም በፊት የሚነግራችሁ አንድ ነገር አለ። የደመወዝ ቀን ባል ገንዘቡን ይዞ ይገባና ለሚስቱ ያስረክባል፤ እሷም ከዚያ ላይ የኪስ ገንዘቡን ቆጥራ ትሰጠዋለች። የቤት ኪራዩ፣ የልጆች ትምህርት ቤት ክፍያ፣ የሩዙ ወጪ፣ ለዘመድ ለቅሶ የሚዋጣው ሁሉ በእሷ እጅ ያልፋል። ነገሩ እውነት ነው፤ ልማዱ ዛሬም በብዙ ቤት አለ። ወንዶቹም ፈገግ እያሉ «እኛ አገር አለቃዋ እሷ ናት» ይላሉ።

እኔ ዛሬ ማታ የመጣሁት ይህንን ምስጋና ልጠረጥረው ነው። ያቺ ቦርሳ ያዥ ሚስት እስከ 1932 ድረስ ከአባቷ የወረሰችውን መሬት እንኳ ያለ ባሏ ፈቃድ መሸጥ አትችልም ነበር። (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጠራው፤ ታገሡኝ።) ቦርሳው ከእሷ፣ ፊርማው ከእሱ። እኔ እንደሚገባኝ፣ በፊሊፒንስ የሴቲቱን ብርታት የካደ ሰው ብዙም አልነበረም። ክርክሩ ብርታቷ በሕግ ይጻፍላት ወይስ በሙገሳ ይታለፍ የሚል ነው። ሙገሳው ደግሞ ብዙ ጊዜ መብቱን ለመንፈግ ምክንያት ሆኖ አገልግሏል።

ስለ ጥንቱ ብዙ አልናገርም። ስፔኖች በ1565 ሴቡ ላይ ከመስፈራቸው በፊት በሽተኛ የሚያድኑት፣ ከመናፍስት ጋር የሚያማልዱት ባባይላኖች አብዛኞቹ ሴቶች ነበሩ፤ የስፔን መነኮሳት ጠንቋይ እያሉ አጠፏቸው። ዛሬ ያንን ዘመን የእኩልነት ገነት አድርገው የሚስሉ አሉ። ባሪያና ጌታ የነበረበት ማኅበረሰብ እንደነበር እያወቅሁ ያንን ለመድገም አልደፍርም። ከስፔን ዘመን ግን አንዲት ሴት ያዙልኝ። ጋብሪኤላ ሲላንግ በ1763 ባሏ ሲገደልባት የኢሎኮስን አመፅ ተረክባ መራች፤ በዚያው ዓመት ቪጋን ከተማ ላይ ተሰቀለች። ስሟን ኋላ እናገኘዋለን።

እኔን የሚማርከኝ ታሪክ ጦር የሌለበት ነው። ማሎሎስ ከማኒላ በስተ ሰሜን፣ በቡላካን ግዛት ያለች ከተማ ናት። ዲሴምበር 12 ቀን 1888 ጠቅላይ ገዢው ቫሌሪያኖ ዌይለር ሊጎበኛት መጣ። ይህ ሰው ኋላ ኩባ ላይ ገበሬውን በካምፕ እያጎረ ስሙን ያከፋው ያው ዌይለር ነው። ሃያ ወጣት ሴቶች ፊቱ ቀርበው ደብዳቤ ሰጡት። የለመኑት የስፔን ቋንቋ የሚማሩበት የማታ ትምህርት ቤት እንዲፈቀድላቸው ነበር። ዛሬ ስንሰማው ትንሽ ጥያቄ ይመስላል። ግን ስፔንኛ የፍርድ ቤት፣ የግብርና የመሬት ውል ቋንቋ ነበር፤ መነኮሳቱም ያገሬው ሰው እንዳይማረው አጥብቀው ይከላከሉ ነበር፤ ምክንያቱም በመንግሥትና በሕዝብ መካከል የሚያስተረጉሙት እነሱው ራሳቸው ነበሩ። ቋንቋውን ያወቀች ሴት ቄሱን አልፋ ዳኛው ዘንድ ትደርሳለች።

የከተማዋ ቄስ ተቃወሙ፤ ገዢውም እምቢ አለ። ልጆቹ ግን አልተበተኑም። ደጅ ጠኑ፣ ሰው ላኩ፣ እንደገና ጻፉ። በ1889 መጀመሪያ ላይ ፈቃዱ ወጣ፤ ትምህርቱ በቀን ይሁን፣ ወጪውንም ራሳችሁ ቻሉት የሚል ቅድመ ሁኔታ ተለጠፈበት። እሺ ብለው ከፈቱት። ሦስት ወር ያህል ሠርቶ ተዘጋ።

ያን ሰሞን ሆሴ ሪዛል ለንደን ነበር። የሃያ ሰባት ዓመት ወጣት፣ ኋላ የአገሩ ብሔራዊ ጀግና የሆነው። ወዳጁ ማርሴሎ ዴል ፒላር ጻፍላቸው ቢለው በታጋሎግ ቋንቋ ረጅም ደብዳቤ ጻፈላቸው። ደብዳቤው ዛሬ በትምህርት ቤት ይነበባል፤ ከልጆቹ ከራሳቸውም ይበልጥ ዝነኛ ነው። ያምራል። ነገር ግን በደንብ ስታነቡት ሪዛል ሴቶቹን አብዝቶ የሚያደንቃቸው ነገ ነፃ ወንዶችን የሚያሳድጉ እናቶች አድርጎ ነው። እነሱ የጠየቁት ለራሳቸው መማር ነበር። አያችሁ፣ ሙገሳው ከዚያን ጊዜ ጀምሮ ጥያቄውን ትንሽ ጠምዘዝ ያደርገዋል።

ከዚያ በስፔን ላይ አብዮቱ መጣ። ሜልቾራ አኪኖ በ1896 ካቲፑናን ለሚባለው የአብዮቱ ድርጅት ታጋዮች ጎተራዋን ስትከፍት፣ ቁስለኛ ስታስታምም ሰማንያ አራት ዓመቷ ነበር። ስፔኖች ይዘው ወደ ጉዋም ደሴት አጋዟት፤ በ1903 ተመልሳ በመቶ ሰባት ዓመቷ አረፈች። ከስፔን በኋላ አሜሪካኖች ገቡ፤ የሴቶች ማኅበራትም ተከታትለው ተቋቋሙ። በ1905 ኮንሴፕሲዮን ፌሊክስ ማኒላ ላይ የመጀመሪያውን የሴቶች መብት ማኅበር መሠረተች፤ የማኅበሩ ሴቶች ለድሃ ሕፃናት ወተት የሚያከፋፍል ተቋምም አቆሙ። በ1906 ፑራ ቪያኑዌቫ ኢሎይሎ ላይ ሌላ ማኅበር አቋቁማ የምርጫ ድምፅ ጥያቄን አነሣች። ይህችው ሴት በ1908 የማኒላ ካርኒቫል ንግሥት ሆና ዘውድ ደፍታለች። ፊሊፒንስ ውስጥ የውበት ዘውድና የሴቶች ትግል እንዲህ ይጠላለፋሉ፤ ወደዚያ እመለሳለሁ።

አሁን ድምፅ ወደ መስጠቱ እንምጣ፤ እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ።

በ1933 ዲሴምበር ላይ ጠቅላይ ገዢው ፍራንክ መርፊ የሴቶችን የመምረጥ መብት የሚሰጥ ሕግ ፈረመ። ሴቶቹ ደስ አላቸው፤ ደስታቸው ግን አልቆየም። አገሪቱ ወደ ነፃነት የምታደርገውን ሽግግር የሚገዛ ሕገ መንግሥት ሊረቀቅ በ1934 ጉባኤ ተሰበሰበ፤ ጉባኤተኞቹ ወንዶች ብቻ ነበሩ። ሴቲቱ የቤቷ ንግሥት ናት፣ ፖለቲካ ያጎድፋታል አሉ። ባልና ሚስት በፓርቲ ተለያይተው ቤቱ ይፈርሳል አሉ። ከሁሉም የተመቻቸው ክርክር ግን ሴቶቹ ራሳቸው አይፈልጉትም የሚለው ነበር። ስለዚህ የ1935ቱ ሕገ መንግሥት ድምፅ መስጠትን ለወንድ ብቻ አደረገና አንድ በር ገርበብ አድርጎ ተወ፦ በሁለት ዓመት ውስጥ በሚደረግ ሕዝበ ውሳኔ ከ300,000 ያላነሱ ሴቶች «አዎን» ካሉ መብቱ ይሰጣል።

ይህን ቁጥር አስቡት። ወንዶች ትፈልጋላችሁን ተብለው ተጠይቀው አያውቁም። ደግሞ የሚበቃው አብላጫ ድምፅ አልነበረም፤ 299,000 ሴቶች «አዎን» ቢሉና አንዲትም «አይሆንም» የምትል ባትኖር መብቱ ይቀራል። ማንበብና መጻፍ ግዴታ ነው፤ አገሩ ከሰባት ሺህ በላይ ደሴት ነው፤ ጊዜውም መንገድና ስልክ እንደ ልብ ያልነበረበት ዘመን ነው። እኔ ሳስበው ቁጥሩ የተመረጠው እንዳይሞላ ነው።

የሴቶች ክበባት ቤት ለቤት ወጡ። የሒሳብ መምህርቷ ፒላር ሂዳልጎ ሊም፣ የማኅበራዊ አገልግሎት ባለሙያዋ ሆሴፋ ያኔስ ኤስኮዳ እና ስማቸው ያልተመዘገበ በሺህ የሚቆጠሩ ሴቶች በየመንደሩ አስመዘገቡ፣ በሬዲዮ ተናገሩ፣ በጋዜጣ ጻፉ። ኤፕሪል 30 ቀን 1937 ድምፅ ተሰጠ። «አዎን» ያሉት 447,725፣ «አይሆንም» ያሉት 44,307። ሊደረስበት አይችልም የተባለው ቁጥር በግማሽ ያህል ታለፈ። አርባ አራት ሺዎቹንም አልንቃቸውም፤ ወረፋ ይዘው፣ ተመዝግበው፣ ድምፅ መስጠት አንፈልግም ብለው ድምፅ ሰጥተዋል!

በዚያው ዓመት ካርመን ፕላናስ የማኒላ ከተማ ምክር ቤት አባል ሆና ተመረጠች። በ1941 ከአጉሳን ግዛት ነርሷ ኤሊሳ ኦቾዋ ለብሔራዊው ምክር ቤት ተመረጠች፤ ግን ጃፓን ገባ። ያች ኤስኮዳ ለእስረኞች ስንቅና ደብዳቤ ስታደርስ ተይዛ በጃፓኖች እጅ ጠፋች። ፊቷ ኋላ የአንድ ሺህ ፔሶ ብር ላይ ወጥቷል።

ከዚያ ጦርነት የቀረውን አንድ ነገር ሳልናገር ማለፍ አልችልም። የጃፓን ወታደሮች በግዳጅ የወሲብ ባርያ ያደረጓቸው ሴቶች ከጦርነቱ በኋላ ሆድ ይፍጀው ብለው ዝም አሉ። ለባላቸው ያልነገሩ፣ ለልጆቻቸው ያልነገሩ አሉ። ማሪያ ሮሳ ሄንሰን በ1992 በሬዲዮ ጥሪ ሰምታ ወጣች፤ ስሟንና ፊቷን ሳትደብቅ በአደባባይ ስትናገር ከፊሊፒናውያን የመጀመሪያዋ ነበረች፤ ዕድሜዋ ስልሳ አራት። ከእሷ በኋላ ሌሎች አያቶች ተከተሉ። በ2017 መጨረሻ ለእነዚህ ሴቶች መታሰቢያ ማኒላ በባሕሩ ዳር መንገድ ላይ ሐውልት ቆመ። ጃፓን ቅር አላት። በኤፕሪል 2018 ሐውልቱ በሌሊት ተነሣ፤ ለፍሳሽ ቦይ ሥራ ነው ተባለ።

ወደ ዘውዱ እንመለስ። በ1969 ግሎሪያ ዲያስ ለፊሊፒንስ የመጀመሪያውን የሚስ ዩኒቨርስ ዘውድ አመጣች፤ አገር በደስታ ሰከረ። በቀጣዩ ዓመት የዩኒቨርሲቲ ሴት ተማሪዎች የአገሩን የቁንጅና ውድድር በር ላይ ተሰልፈው ተቃወሙ። ማኪባካ የሚባለው የወጣት ሴቶች ድርጅት በዚያ ሰሞን የተወለደ ነው፤ መሪዋ ሎሬና ባሮስ የአንትሮፖሎጂ ተማሪ ነበረች። ፕሬዚዳንት ማርኮስ በ1972 ወታደራዊ አገዛዝ ሲያውጅ ድርጅቱ ወደ ኅቡዕ ገባ፤ እሷም ጫካ። በ1976 በሃያ ስምንት ዓመቷ ተገደለች። በዚያው ዘመን የፕሬዚዳንቱ ሚስት ኢሜልዳ ማርኮስ የታላቂቱ ማኒላ ገዢና ሚኒስትር ነበረች፤ በ1974 ሚስ ዩኒቨርስን ማኒላ ድረስ ያመጣች እሷ ናት። ሴት ሥልጣን ላይ ወጣች ተብሎ የሴቶች ድል የሚቆጠር ከሆነ፣ ኢሜልዳን የት ልታስቀምጧት ነው?

ሌላው ያልተጠበቀ ወገን ከገዳም መጣ። ሜሪ ጆን ማናንሳን የምትባል የቤኔዲክት ማኅበር መነኩሲት በ1975 የላ ቶንዴኛ አረቄ ፋብሪካ ሠራተኞች ሥራ ማቆም አድማ ሲመቱ ድጋፍ ፈለጉ ሲባል ሄደች። በወታደራዊው አገዛዝ ሥር የተደረገ የመጀመሪያው ትልቅ አድማ ነበር። ፖሊስ ሠራተኛውን እየደበደበ ሲወስድ አየች፤ ከዚያ ወዲያ ወደ ጸጥታዋ አልተመለሰችም። በ1984 የሴቶች ድርጅቶች ተሰባስበው አንድ ጥምረት ሲመሠርቱ ከመሥራቾቹ አንዷ ሆነች። የጥምረቱ ስም ጋብሪኤላ ነው፤ ቪጋን ላይ በተሰቀለችው ሴት። ጳጳሳቱ ከሴቶቹ ጋር በሚጋጩባት አገር መነኩሲት የሴቶችን ሰልፍ ስትመራ ማየት እንግዳ ነገር ነው፤ የፊሊፒንስን እንቅስቃሴ ከሌላው የሚለየውም ይኸው ይመስለኛል።

በ1986 ማርኮስ ከኮራሶን አኪኖ ጋር ለምርጫ ሲወዳደር ሴት ልጅ ስብከቷን በመኝታ ቤት ብትወስነው ይሻላል ብሎ ተሳለቀባት። እሷም ራሷን የቤት እመቤት ነኝ እያለች ነበር የተወዳደረችው። ፌብሯሪ 9 ማታ የምርጫ ኮሚሽኑ የኮምፒውተር ሠራተኞች፣ አብዛኞቹ ወጣት ሴቶች፣ እኛ የምናስገባው ቁጥርና ሰሌዳው ላይ የሚወጣው አልገጠመም ብለው ዲስካቸውን ይዘው ከአዳራሹ ወጡ። ከሁለት ሳምንት በኋላ ሕዝቡ ኤድሳ ጎዳና ላይ ሞላ፤ መነኮሳይያት መቁጠሪያቸውን ይዘው ታንክ ፊት ተንበረከኩ፤ ማርኮስም ወደቀ። የኤድሳ ፎቶግራፍ ሁልጊዜ የሚያሳየን መነኮሳይያቱን ነው። እኔ ብመርጥ ኮምፒውተራቸውን ትተው የወጡትን ሴቶች እመርጥ ነበር፤ ሥራቸውንና ምናልባትም ሕይወታቸውን ለአደጋ የጣሉት ለሒሳብ እውነት ነው።

ከዚያ ወዲህ ፊሊፒንስ ሁለት ሴት ፕሬዚዳንቶች አይታለች፤ አኪኖንና ከ2001 እስከ 2010 የገዛችውን ግሎሪያ ማካፓጋል አሮዮን። አንደኛዋ የተገደለ ፖለቲከኛ ሚስት፣ ሁለተኛዋ የቀድሞ ፕሬዚዳንት ልጅ። አገሪቱ በዓለም የኢኮኖሚ ፎረም የጾታ እኩልነት ሰንጠረዥ ላይ ከእስያ አገሮች ከፊት ተርታ ትቀመጣለች። አሁን ደግሞ ሕጉን ልክፈትላችሁ።

የ1987ቱ ሕገ መንግሥት ሴትና ወንድ በሕግ ፊት እኩል ናቸው ይላል። በዚያው ዓመት የወጣው የቤተሰብ ሕግ ባልና ሚስት ንብረታቸውን በጋራ ያስተዳድራሉ ይልና፣ ካልተስማሙ የባል ውሳኔ ይጸናል፣ ሚስት ቅር ካላት ፍርድ ቤት ትሂድ ብሎ ይቀጥላል። የወንጀል ሕጉ ያገባች ሴት አንድ ጊዜ ከሌላ ወንድ ጋር ብትተኛ ወንጀለኛ ያደርጋታል፤ ባልን ለመክሰስ ግን ውሽማውን ቤቱ አስገብቶ፣ ወይም ሌላ ቤት አብሯት ኖሮ፣ ወይም አሳፋሪ በሆነ ሁኔታ ተገኝቶ መሆን አለበት። ቅጣቱም የእሷ ይከብዳል።

ፍቺ የለም። ለሙስሊሞች በ1977 የወጣ የራሳቸው ሕግ አለ፤ ለተቀሩት የለም። ከፊሊፒንስ ሌላ ፍቺ የማይፈቅድ መንግሥት ቫቲካን ብቻ ነው። አስገራሚው ነገር ቀድሞ ነበራቸው፤ በአሜሪካኖች ጊዜ በ1917 የወጣ የፍቺ ሕግ ነበር፣ የ1950ው የፍትሐ ብሔር ሕግ ሻረው። ዛሬ ያለው መንገድ ጋብቻው ከመጀመሪያውም አልነበረም ብሎ ማስፈረድ ነው፤ ያም ጠበቃና ዓመታት ይበላል፤ የሀብታም መንገድ ነው። በሜይ 2024 የታችኛው ምክር ቤት የፍቺ ረቂቅ አሳለፈ፤ ሴኔቱ ሳያጸድቀው የሥራ ዘመኑ አለቀ።

ድሎችም አሉ፤ እነሱን ልሸፍን አልፈልግም። መድፈር በ1997 «በንጽሕና ላይ የሚፈጸም ወንጀል» ከመባል ወጥቶ በሰው ላይ የሚፈጸም ወንጀል ሆነ። በ2004 የቤት ውስጥ ጥቃት ሕግ፣ በ2009 ትልቁ የሴቶች መብት ሕግ ወጣ። የወሊድ መቆጣጠሪያን ለድሃዋ ሴት በመንግሥት ጤና ጣቢያ የሚያደርስላት ሕግ ከዐሥር ዓመት በላይ ከጳጳሳቱ ጋር ከተደረገ ትግል በኋላ በ2012 ተፈረመ፤ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ2014 አብዛኛውን አጸናው። የወሲብ ፈቃድ መስጫ ዕድሜ ደግሞ እስከ 2022 ድረስ ዐሥራ ሁለት ዓመት ነበር። ዐሥራ ሁለት! ሁለት ሴት ፕሬዚዳንቶች ያለፉበት ሕግ ነው።

አሁን ወደ እኛም ወደሚደርሰው ጉዳይ ልግባ።

ማርኮስ በ1974 ሠራተኛን ወደ ውጭ መላክን የመንግሥት ሥራ አደረገው። መጀመሪያ የሄዱት በብዛት ወንዶች ነበሩ፤ ግንበኛና መርከበኛ። ከዚያ ሆንግ ኮንግ፣ ሲንጋፖርና የባሕረ ሰላጤው አገሮች የቤት ሠራተኛና ነርስ ሲፈልጉ ሴቶቹ ወጡ፤ ዛሬ በውጭ ከሚሠሩት ፊሊፒናውያን ከግማሽ በላይ ሴቶች ናቸው። በ1982 ማርኮስ በውጭ ያለ ሠራተኛ ደመወዙን በመንግሥት በተፈቀደ ባንክ በኩል እንዲልክ አስገደደ፤ የቤት ሠራተኛዋ ግማሹን፤ ያልላከ ፓስፖርቱ አይታደስም። ሆንግ ኮንግ ያሉት የቤት ሠራተኞች በእሑድ እረፍታቸው ሴንትራል በሚባለው ሠፈር፣ በባንኮቹ ሕንፃ ሥር ካርቶን አንጥፈው ይሰበሰቡ ነበር። ምግብ ይበላሉ፣ ጥፍር ይቀባባሉ፣ ደብዳቤ ይጽፋሉ። እዚያው ካርቶን ላይ ፊርማ አሰባሰቡ፣ ማኅበር አቋቋሙ፣ ሰልፍ ወጡ። በ1985 ቅጣቱ ተነሣ። በሰው ቤት እቃ የሚያጥቡ ሴቶች ኤድሳ ከመድረሱ በፊት ማርኮስን ወደ ኋላ አስመልሰውታል። ማኅበራቸው ያኔ የግዳጅ ሐዋላን ለመቃወም የተነሣ ነበር፤ ኋላ በሆንግ ኮንግ ላሉት ፊሊፒናውያን ሁሉ ቋሚ ድርጅት ሆነ።

በማርች 1995 ፍሎር ኮንቴምፕላሲዮን የምትባል የቤት ሠራተኛ ሲንጋፖር ላይ በነፍስ ግድያ ተፈርዶባት ተሰቀለች። አገር ተነቃነቀ፤ አምባሳደር ተጠራ፤ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ሥልጣኑን ለቀቀ፤ ሦስት ወር ሳይሞላ የስደተኛ ሠራተኞች ሕግ ወጣ። በ2006 ማኒላ ለቤት ሠራተኛ ዝቅተኛው ደመወዝ በወር 400 ዶላር ይሁን፣ ከሠራተኛዋም የደላላ ክፍያ አይወሰድ ብላ ወሰነች። በ2012 የዓለም የሥራ ድርጅትን የቤት ሠራተኞች ስምምነት ከኡራጓይ ቀጥላ ሁለተኛ ሆና አጸደቀች። በ2013 ለአገር ውስጥ የቤት ሠራተኞችም ሕግ አወጣች፤ የጽሑፍ ውል፣ የሳምንት እረፍት፣ ማኅበራዊ ዋስትና። ይህ ሁሉ በየማዳሙ ቤት ይከበራል አልልም። ውሉ ማኒላ ላይ ተፈርሞ ሪያድ ላይ በሌላ የሚተካበት ጊዜ ብዙ ነው፤ በ2018 ኩዌት ውስጥ ሬሳዋ በማቀዝቀዣ ውስጥ የተገኘውን ሴት ዜና ታስታውሳላችሁ።

ዓረብ አገር የሠራችሁ ታውቁታላችሁ፤ በአንድ ፎቅ ላይ፣ ለአንድ ዓይነት ሥራ፣ ፊሊፒናዊቷ አንድ ደመወዝ ኢትዮጵያዊቷ ሌላ ደመወዝ ያገኛሉ። ኤጀንሲው ዋጋውን በዜግነት ይለጥፋል። አሠሪዎቹ ምክንያቱ እንግሊዝኛ መናገሯ ነው ይላሉ። ቋንቋው ይረዳታል፤ ግን ትልቁ ምክንያት ከኋላዋ ያለው ነው፦ ስትጠፋ የሚደወልለት ኤምባሲ፣ ኤምባሲው ዝም ካለ ደጁ የሚሰለፍ ማኅበር፣ ማኅበሩ ከጮኸ ማኒላ ላይ ድምፅ የሚያጣ ፖለቲከኛ። እኛ በ2013 ሳዑዲ ከመቶ ሺህ በላይ ዜጎቻችንን ስትመልስ መንገዱን ዘጋነው፤ ሴቶቹ ግን በሱዳንና በየመን በኩል መሄዳቸውን አላቆሙም። ከዚያ የወጣው አዋጅ ቁጥር 923/2008 (ይህን ብቻ በእኛው አቆጣጠር) ተጓዧ ስምንተኛ ክፍል የጨረሰች፣ የሙያ ብቃት ማረጋገጫ የያዘች ትሁን፣ የሁለትዮሽ ስምምነት ወዳለበት አገር ብቻ ትሂድ አለ። መልካም። የጎደለው የሴቶቹ የራሳቸው ማኅበር ነበር።

እሱም ተጀምሯል። በ2017 ቤይሩት ውስጥ የቤት ሠራተኛ የነበሩ ኢትዮጵያውያን ሴቶች «እኛ ለእኛ በስደት» የሚል ድርጅት አቋቋሙ። በ2020 የሊባኖስ ገንዘብ ሲወድቅ አሠሪዎች ሴቶቻችንን በመኪና እያመጡ የኢትዮጵያ ቆንስላ በር ላይ ሲጥሏቸው፣ ምግብና መጠለያ ፍለጋ ከሮጡት መካከል እነሱ ነበሩ። ስለዚህ እኔ አንድ ጥያቄ አለኝ፤ ለሠራተኛና ለውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤቶቻችን የማቀርበው ነው። ቀጣዩ የሁለትዮሽ ስምምነት ሲረቀቅ ከእኛ ወገን ጠረጴዛው ላይ ማን ይቀመጣል? ከነዚያ ሴቶች አንዷ ትኖርበታለች ወይ? ፓስፖርቱ በማን እጅ ይሁን፣ የሳምንት እረፍቱ ከቤት ውጭ ይሁን ወይስ ኩሽና ውስጥ፣ ስልኳ ይወሰድ ወይስ አይወሰድ የሚለውን ከእሷ የተሻለ የሚያውቅ ዲፕሎማት አላየሁም።

ከመካከላችሁ ቤይሩት፣ ሪያድ፣ ኩዌት የሠራችሁ እንዳላችሁ ነግረውኛል። ማይኩን ከዚህ በላይ ይዤባችሁ አልቆይም፤ መጀመሪያ እናንተ ተናገሩ፣ ጥያቄው ከዚያ ይቀጥላል።